ፓንክ ባንድን ሰርቪስ ቤት ውስጥ መቅረፅ፦ ከፍራሽ ልመና እስከ መጨረሻው ፋይል

ከቱሉ ዲምቱ፣ ከጀሞ፣ ከለገጣፎ የሚመጡ ልጆች ስልካቸውን አውጥተው "እስቲ ስማው" ሲሉኝ የምሰማው ችግር ሁሌም ተመሳሳይ ነው። ሲምባሉ (የድራሙ የብረት ሳህን) ሁሉን ነገር ይውጠዋል። ጊታሩ እንደተነካ ቀፎ ይጮኻል። ባሱ ወይ የለም፣ ወይ ያጓራል። ድምፃዊው ጓሮ ሆኖ የሚጣራ ይመስላል። ከሁሉም ሥር "እምምም" የሚል የመብራት ድምፅ አለ። ምክንያቱን ስጠይቅ "ፓንክ አይደል? ሻካራ መሆን አለበት" ይሉኛል።

ሻካራ ሌላ፣ ቆሻሻ ሌላ። ሻካራነቱ ከእጃችሁና ከጉሮሯችሁ ይምጣ። ከቀረፃው የመጣ እንደሆነ ንዴታችሁ ለአድማጭ አይደርሰውም፤ የሚደርሰው የክፍላችሁ ማስተጋባት ነው።

ይህ መመሪያ ጊታር፣ ባስ፣ ድራምና ድምፃዊ ላለው የፓንክ (የፈጣንና ሻካራ ሮክ) ባንድ ነው። ቦታው 3 በ4 ሜትር የሆነ፣ ቆርቆሮ ጣሪያ ያለው የሰርቪስ ክፍል ነው ብላችሁ ያዙ። ለሦስት ዘፈን ሁለት ሙሉ ቀን መድቡ። በአንድ ቀን እንጨርሳለን ያሉ ባንዶች ድምፃዊውን ማታ፣ ጉሮሮው ካለቀ በኋላ ነው የሚቀርፁት።

የሚያስፈልጉ ዕቃዎች

ባለ 4 መግቢያ ሳውንድ ካርድ (የማይክን ድምፅ ወደ ላፕቶፕ የሚያስገባው ሣጥን)። 20 ጊጋባይት ባዶ ቦታ ያለው ላፕቶፕ። ሁለት ዳይናሚክ ማይክ (ከቅርብ የሚመጣ ኃይለኛ ድምፅ የሚይዝ)፤ ሹር ኤስኤም57 ወይም ኤስኤም58 ቢሆን ጥሩ ነው፣ ባይሆንም ተመሳሳዩ ይሠራል። ሁለት ኮንደንሰር ማይክ (የሩቁንም ስስ ድምፅ የሚይዝ)። አራት የማይክ ስታንድ። ጆሮን ገጥሞ የሚይዝ ሄድፎን። አዲስ የጊታርና የባስ ክር። አንድ ሜትር ተኩል ሲባጎ፣ ፕላስተር፣ የእጅ ባትሪ። ለመቅረጫ ሪፐር የሚባለውን ፕሮግራም 60 ቀን በነፃ መሞከር ይቻላል፤ ለዚህ ሥራ ይበቃል።

ዕቃ ከተከራያችሁ እያንዳንዱን ኬብል ከመክፈላችሁ በፊት እዚያው ሰክታችሁ፣ ጫፉን እያነቃነቃችሁ ሞክሩ። ሰፈር ከደረሳችሁ በኋላ የሚንጫጫ ኬብል ማግኘት ግማሽ ቀን ይበላል።

ደረጃ 1፦ ቀኑንና ሰዓቱን ምረጡ

1. ከሰኞ እስከ ዓርብ ካሉት ቀናት ሁለቱን ያዙ። ቅዳሜና እሁድ ሰርግ አለ፣ ድንኳን አለ፣ ልጆችም ግቢ ውስጥ ናቸው።
2. ድራሙን ከጠዋቱ 3 ሰዓት እስከ 6 ሰዓት ጨርሱት። የተሻለው ፀጥታ ያኔ ነው።
3. ወሩን ተመልከቱ። አጠገባችሁ ቤተ ክርስቲያን ካለ 12፣ 19 እና 21ን ዝለሉ። መስጊድ ካለ በአዛን ሰዓት ዕረፍት አድርጉ።
4. ዙሪያውን በእግራችሁ ዙሩ። ዳር ሰፈር ግንባታ አያልቅም። የብሎኬት ማሽን፣ ብየዳ፣ ሲኖ ትራክ የሚያልፍበት መንገድ ካለ ሰዓታቸውን ጠይቁ። የሲኖ ጉርምርምታ በጆሮ ባታስተውሉትም በማይኩ ይገባል።
5. አከራይዋን ከሦስት ቀን በፊት አናግሩ። "እትዬ፣ ማክሰኞ ከ3 እስከ 6 ሰዓት ድምፅ እናሰማለን፣ ከዚያ ፀጥ እንላለን" በሏቸው። ሰዓቱ ከተቆረጠ ብዙዎቹ ይፈቅዳሉ። በዚያው እንጀራ የሚጋገርበትን ቀን ጠይቁ፤ ምክንያቱን ቀጥሎ ታገኙታላችሁ።

ዝናብ ከመጣስ? ከሰኔ እስከ መስከረም ከሰዓት በኋላ ይመጣል ብላችሁ ተዘጋጁ። ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ "ትንሽ ነው፣ አይሰማም" እያላችሁ አትቀጥሉ። ይሰማል። ማይኮቹን ተዉና ባሱን ቅረፁ። ባስ በኬብል ስለሚገባ ዝናቡን አያውቀውም።

ደረጃ 2፦ መብራቱን አስተካክሉ

የኤሌክትሪክ ምጣድ ከ3 ኪሎዋት በላይ ይስባል። በአንድ ቆጣሪ ላይ ምጣድና የጊታር አምፕ (ድምፅ ማጉያ) አብረው ሲሠሩ ኃይሉ ይወርዳል፣ የአምፑ ድምፅ ይደክማል። ብየዳም እንደዚሁ ነው፤ በብልጭታው ልክ ቀረፃችሁ ውስጥ ጠቅ ጠቅ ይላል።

1. አምፕ፣ ሳውንድ ካርድና ላፕቶፕ ከአንድ ሶኬት፣ በአንድ ዲቫይደር ይሰኩ። ከሁለት ግድግዳ መሰካት የ"እምምም" ዋና ምንጭ ነው።
2. ፍሪጅ፣ የስልክ ቻርጀርና የሚርገበገብ አምፖል ንቀሉ።
3. የመብራት ገመድና የማይክ ገመድ ጎን ለጎን አይሂዱ። መገናኘት ካለባቸው ተሻግረው ይለፉ።
4. ላፕቶፑን ሙሉ ቻርጅ አድርጋችሁ፣ ስትቀርፁ ቻርጀሩን ንቀሉት።

አራተኛውን ለማወቅ ሦስት ቀን ፈጅቶብኛል። ጊታር ቀየርን፣ ኬብል ቀየርን፣ አምፕ ተበደርን። ጥፋቱ የላፕቶፑ ቻርጀር ነበር። በባትሪ መሥራት ሌላም ጥቅም አለው። መብራት ቢጠፋ አምፑ ይሞታል እንጂ ከላፕቶፑ በዩኤስቢ ኃይል የሚያገኝ ሳውንድ ካርድ አይጠፋም፣ የቀረፃችሁትም አይበላሽም።

መብራት ሲጠፋ አምፑን ወዲያው ንቀሉ። ሲመለስ አምስት ደቂቃ ጠብቁ። አመጣጡ ኃይለኛ ሊሆን ይችላል፤ የኔን አንድ አዳፕተር ያቃጠለው እንዲህ ያለ አመላለስ ነው።

ማስጠንቀቂያ፦ ድምፁን ለማጥፋት ብላችሁ የሶኬቱን የኧርዝ እግር አትቁረጡ። ኧርዝ የሌለው አምፕ ላይ ጊታር ይዞ ከንፈሩን ማይክ ያስነካ ሰው ሊሞት ይችላል። ማይኩን በእጅ ስትነኩ የሚነዝር ነገር ካለ ሥራውን አቁሙና ኤሌክትሪሺያን ጥሩ።

ሌላ ማስጠንቀቂያ፦ ጄኔሬተር ከቤት ውጭ፣ ከመስኮት ርቆ ይቁም። ከሰልም ወደ ክፍሉ አይግባ። በሚቀጥለው ደረጃ መስኮትና በሩን ትደፍናላችሁ። በተደፈነ ክፍል ውስጥ የከሰል ጭስ ሳይታይ ይገድላል። ቡናው ውጭ ይፈላ።

ደረጃ 3፦ ክፍሉን አፍኑት

ባዶ የብሎኬት ክፍል ድምፅን እንደ ኳስ ይመልሳል። እጃችሁን አጨብጭቡ። ከጭብጨባው በኋላ "ጥርርር" የሚል ነገር ከሰማችሁ ድራማችሁም እንደዚያ ይሰማል።

1. ሁለት ወይም ሦስት የስፖንጅ ፍራሽ ከጎረቤት ለምኑ። በድራሙ ጀርባና በትይዩው ግድግዳ አቁሟቸው።
2. ጣሪያው ላይ፣ ከድራሙ በላይ፣ ብርድ ልብስ ወይም ቡልኮ እጥፍ አድርጋችሁ ወጥሩ። ይሄ ዋናው ነው። የሰርቪስ ጣሪያ ዝቅ ያለ ስለሆነ የሲምባሉ ድምፅ ቆርቆሮውን ወይም ኮርኒሱን መትቶ ማይኩ ላይ ተመልሶ ይወድቃል። እንደ ቆርቆሮ የሚንጣጣው ሲምባል ከዚያ ነው የሚመጣው።
3. ጭድ የታጨቀ ማዳበሪያ ጆንያ በአራቱም ማዕዘን ሁለት ሁለት ደርድሩ። ስፖንጅ የባስን ጉርምርምታ አይዝም፤ ወፍራም ጭድ የተወሰነውን ይይዛል። ጭድ ባለበት ክፍል ግን ሲጋራም ሻማም አይለኮስም።
4. ወለሉ ላይ ምንጣፍ ወይም የተጣጠፈ ጋቢ ከድራሙ ሥር አንጥፉ። ቤዝ ድራሙም (በእግር ፔዳል የሚመታው ትልቁ ከበሮ) ወደ ፊት አይሸሽም።

አሁን የሚንቀጠቀጠውን ፈልጉ። ባሲስቱ ከታችኛው ኖታ ጀምሮ አንድ በአንድ ቀስ ብሎ ይምታ። ሌላው ሰው ክፍሉን እየዞረ ያዳምጥ። ሚስማሩ የላላ ቆርቆሮ፣ የመስኮት መስታወት፣ መደርደሪያ ላይ ያለ ሲኒ፣ አንዱ ሳይንቀጠቀጥ አይቀርም። ለመስታወቱና ለበሩ የአሮጌ ከመነዳሪ ቁራጭ ሸጉጡ። ለቆርቆሮው ሚስማሩን ምቱት።

ፍራሽ ካልተገኘ የተሰቀለ ልብስ የሞላበት ቁም ሣጥን ከፍታችሁ ወደ ድራሙ አዙሩት። ከምንም ይሻላል።

ደረጃ 4፦ መሣሪያውን አዘጋጁ

ይህን ደረጃ የሚዘል ባንድ ይበዛል። የዛገ ክር በሚክስ (የተቀረፁትን ድምፆች በማመጣጠን) አይታደስም።

የጊታርና የባስ ክር ከቀረፃው አንድ ቀን በፊት ቀይሩ፤ አዲስ ክር እስኪረጋ ይላላል። ስትቃኙ ዘፈኑ ላይ እንደምትመቱት በኃይል እየመታችሁ ቃኙ። በኃይል የተመታ ክር ከቃናው ትንሽ ወደ ላይ ይወጣል። በዝግታ ተቃኝቶ በኃይል የሚመታ ጊታር ሙሉ ዘፈኑን ከባሱ ጋር ሲጣላ ይውላል።

ድራሙን በየቦልቱ ዙሪያ ምቱና ሁሉም ጎን አንድ ዓይነት ድምፅ እስኪሰጥ አጥብቁ ወይም አላሉ። ስኔሩ (ድራመሩ ፊት ያለው፣ ሹል ድምፅ የሚሰጠው ከበሮ) ከመጠን በላይ የሚጮህ ከሆነ የታጠፈ ሶፍት በፕላስተር ጠርዙ ላይ ለጥፉ። ቤዝ ድራሙ ውስጥ ትራስ አስገቡ፣ የፊቱን ቆዳ በትንሹ ይንካ። የፔዳሉ ምንጭ ሲጢጥ የሚል ከሆነ ዘይት አድርጉበት።

ደረጃ 5፦ ድራሙን በአራት ማይክ ቅረፁ

እዚህ ጊዜ ውሰዱ። የፓንክ ቀረፃ ጥራት ግማሹ ድራም ነው።

የምንጠቀምበት ዘዴ የእንግሊዛዊው የቀረፃ ባለሙያ የግሊን ጆንስ ነው። እ.ኤ.አ. በ1982 የወጣውን የእንግሊዙን ፓንክ ባንድ የዘ ክላሽን አልበም ሚክስ ያደረገው እሱ ነው። ዘዴው ለድሃ ባንድ የተሠራ ይመስላል፤ አራት ማይክ ብቻ ይበቃዋል።

1. አንደኛውን ኮንደንሰር ከስኔሩ በላይ አንድ ሜትር ያህል አድርጋችሁ ወደ ታች አዙሩት።
2. ሲባጎውን ከስኔሩ መሃል እስከ ማይኩ አፍ ለኩና ቋጠሮ አስሩበት።
3. ሁለተኛውን ኮንደንሰር ከፍሎር ቶሙ (ወለል ላይ ከሚቆመው ከበሮ) ጎን፣ ከቶሙ ጠርዝ ጥቂት ከፍ አድርጋችሁ፣ በስኔሩ ላይ አሻግሮ ወደ ሃይ ሃቱ (በእግር ወደሚከፈተውና ወደሚዘጋው ጥንድ ሲምባል) እንዲመለከት አቁሙት። ርቀቱ በዚያው ሲባጎ፣ በዚያው ቋጠሮ ይለካ።
4. አንዱን ዳይናሚክ ቤዝ ድራሙ ቀዳዳ አፍ ላይ፣ ሌላውን ከስኔሩ ጠርዝ ሁለት ጣት ከፍ አድርጉ።
5. ለኮንደንሰሮቹ ሳውንድ ካርዱ ላይ ያለውን የ48 ቮልት ቁልፍ አብሩ። ከማብራታችሁ በፊት ሄድፎኑን ከጆሯችሁ አውርዱ።

ሲባጎው ለምን? ድምፅ በአንድ ሚሊሰከንድ 34 ሴንቲሜትር ያህል ይሄዳል። የሁለቱ ማይኮች ርቀት ከተለያየ ስኔሩ አንዱ ጋ ቀድሞ፣ ሌላው ጋ ዘግይቶ ይደርሳል። ሁለቱ ሲደመሩ ድምፁ ይቀጥናል፣ ካርቶን የሚመታ ይመስላል። የቀጠነውን በኢኮላይዘር ለማወፈር የሚለፉ ልጆች አይቻለሁ። አይወፍርም።

ድምፁ ከቀጠነ፦ አራቱንም ማይክ አብራችሁ ስሙ። ቤዝ ድራሙ ትራክ ላይ፣ በመካከሉ መስመር ያለበት ዜሮ የሚመስለውን ምልክት ተጫኑ። ይበልጥ ወፍራም የሆነውን አቋም ያዙ። ለስኔሩም ድገሙት።

ሲምባሉ ሁሉን ከዋጠ፦ ማይክ ከማንቀሳቀሳችሁ በፊት ድራመሩን አናግሩ። ሲምባሉን በለዘብታ፣ ስኔርና ቤዝ ድራሙን በኃይል ይምታ። ለድራመር ከባድ ጥያቄ ነው፤ ልምምድ ላይ አንድ ሳምንት ቀድማችሁ ንገሩት። ሲምባሎቹንም በአንድ መዳፍ ያህል ከፍ አድርጉ።

ባለ 2 መግቢያ ሳውንድ ካርድ ብቻ ካላችሁ አንዱን ማይክ ከድራመሩ ራስ በላይ፣ ሌላውን ቤዝ ድራሙ ላይ አድርጉ። በስቴሪዮ አይሆንም፣ ግን የሚደመጥ ድራም ታገኛላችሁ።

ደረጃ 6፦ መጠኑን ለኩ

ፕሮግራሙን 24 ቢት፣ 48 ኪሎኸርዝ ላይ አድርጉ። ድራመሩ የዘፈኑን ኃይለኛ ክፍል ይምታ። ከፍተኛው ምት ከ−12 እስከ −6 ዲሲቤል መካከል ይረፍ። እውነተኛው ቀረፃ ሲጀመር ሰው ሁሉ ከሙከራው በላይ ይመታል፤ ለዚህ ቦታ መተው አለባችሁ። ቀዩ መብራት አንዴ ከበራ ያ ምት ተቆርጧል፤ ጌይኑን (ሳውንድ ካርዱ ላይ ያለውን የመግቢያ መጠን) ቀንሳችሁ ድገሙ።

ደረጃ 7፦ መሪ ትራክ፣ ከዚያ ድራም

1. ጊታሪስቱና ድምፃዊው ዘፈኑን በክሊክ (ፍጥነት በሚቆጥር ምት) ላይ ለመሪነት ብቻ ይቅረፁት። ለፈጣን ፓንክ በደቂቃ ከ160 እስከ 200 ምት የተለመደ ነው።
2. ድራመሩ ያንን በሄድፎን እየሰማ ይምታ። መጀመሪያ ላይ በስቲክ አራት ይቁጠር። ቆጠራውን አትቁረጡት፤ በኋላ ጊታርና ድምፅ ስትጨምሩ መግቢያችሁ እሱ ነው።
3. ጊታሪስቱና ባሲስቱ ከፊቱ ቆመው፣ አምፕ ሳይሰኩ፣ አብረውት ይምቱ። ግድግዳ እያየ የሚመታ ድራመር ይደክመዋል።
4. መጨረሻው ላይ ሲምባሉ እስኪጠፋ ማንም አይናገር፣ አይንቀሳቀስ። ጥሩ ምት በ"ወይኔ ምርጥ!" ጩኸት ስንት ጊዜ እንደተበላሸ!

ሦስት ጊዜ ቅረፁ። ከአምስተኛው በኋላ ክንድ ይዝላል፣ ፍጥነቱ ባይወርድም ኃይሉ ይወርዳል። ጆሮም ይደክማል። በ100 ዲሲቤል ድምፅ አጠገብ ከ15 ደቂቃ በላይ መቆየት ለመስማት ችሎታ አደገኛ ነው። ሄድፎን ያላደረገ ሁሉ የጆሮ መድፈኛ ያድርግ።

ድራመሩ ከክሊክ ጋር መሄድ ካልቻለ ክሊኩን ተዉት። መሪ ትራኩን ያለ ክሊክ ቅረፁና ተከተሉት። የሚተነፍስ ፍጥነት ከተጨነቀ ድራመር ይሻላል።

ደረጃ 8፦ ጊታር

1. ልምምድ ላይ የምትጠቀሙበትን ዲስቶርሽን (ድምፁን የሚያሻክረውን) በግማሽ ቀንሱ። ብቻውን ሲሰማ ደካማ ይመስላል። ሁለቴ ተቀርፆ ሲደረብ ግን ግድግዳ ይሆናል። ሙሉ ዲስቶርሽን ሁለቴ ሲደረብ ምቱ ይጠፋል፣ ጭስ ነው የሚቀረው።
2. በእጅ ባትሪ አምፑ ውስጥ አብርታችሁ የስፒከሩን መሃል ክብ ፈልጉ። ማይኩን ከጨርቁ ሦስት ጣት አርቃችሁ፣ በመሃሉ ክብ ጠርዝ ላይ አቁሙት። ወደ መሃል ሲጠጋ ይሰላል፣ ወደ ዳር ሲሄድ ይወፍራል።
3. አምፑን ከወለል ከፍ አድርጋችሁ ወንበር ላይ አስቀምጡ።
4. አንዴ ቅረፁና ወደ ግራ ውሰዱት። እንደገና ከመጀመሪያ ተጫወቱና ወደ ቀኝ ውሰዱት። ኮፒ አታድርጉ። ኮፒ የተደረገ ጊታር መጮህ እንጂ መስፋት አይችልም።
5. ከእያንዳንዱ ቀረፃ በፊት ቃኙ። ሁልጊዜ።

ሁለቱ ጊታሮች ካልገጠሙ እጅ ከመቀያየር ይሆናል። አንዱ ጊዜ ወደታች ብቻ፣ ሌላው ጊዜ ወደታችና ወደላይ ከተመታ አይገጥምም። ለሁለቱም አንድ አመታት ምረጡ።

ደረጃ 9፦ ባስ

ባሱን በቀጥታ ሳውንድ ካርዱ ላይ ሰኩ፤ የመሣሪያ መግቢያ ከሌለው በዲአይ ቦክስ (ባስን ወደ ማይክ መግቢያ በሚያገናኝ ሣጥን)። በአምፕ አትቅረፁ። በ4 ሜትር ክፍል ውስጥ የታችኛው የኢ ኖታ፣ በ3 ሜትሩ ደግሞ የኤ ኖታ ከሌሎቹ በላይ ያብጣሉ። አንዱ ኖታ ያጓራል፣ ቀጣዩ ይጠፋል። በፒክ ምቱ፣ ጣት ለዚህ ፍጥነት ይለዝባል። ከቀረፃ በኋላ ትራኩን ኮፒ አድርጋችሁ ደርቡና አንዱ ላይ ጥቂት ዲስቶርሽን ጨምሩ፤ በስልክ ስፒከር የሚሰማው እሱ ነው።

ደረጃ 10፦ ድምፅ

በሁለተኛው ቀን ጠዋት ቅረፁ። ዳይናሚክ ማይክ ይሻላል፤ ኮንደንሰር ጎረቤት የሚጮኸውን ውሻም ይቀርፃል። ከአፍ እስከ ማይክ አንድ መዳፍ ይሁን። "ፐ" እና "ፈ" ላይ ማይኩ ከተነፋ የናይለን ስቶኪንግ በሽቦ ክብ ላይ ወጥራችሁ ከፊቱ አቁሙ።

አማርኛ ላይ ለብቻው መጠንቀቅ የሚገባ ነገር አለ። በፍጥነት ሲዘፈን መጀመሪያ የሚጠፋው የሚጠብቀው ፊደል ነው። "ገና" ላልቶ "እስካሁን" ነው፣ ጠብቆ በዓሉ ነው። "አለ" ላልቶ "ተናገረ"፣ ጠብቆ "ይገኛል" ነው። ግጥሙን በትልቁ ጻፉና የሚጠብቁትን ፊደላት አስምሩባቸው። ድምፃዊው ሌላውን እንዳሻው ይጩህ፣ የተሰመረበትን ግን ይርገጥ። "ጠ"፣ "ቀ" እና "ጨ" ደግሞ እንደ ጥፊ ድንገት ስለሚፈነዱ መጠኑን ስትለኩ እነሱ ያሉበትን ስንኝ ተጠቀሙ።

ጉሮሮ መከርከር ሲጀምር አቁሙ። ለብ ያለ ውሃ፣ ግማሽ ሰዓት ዝምታ። ካልተመለሰ ነገ።

ደረጃ 11፦ ሚክስ

ያኑ ዕለት አትጀምሩ። ሌሊቱን ጆሯችሁን አሳርፉ።

1. ድራሙን ብቻ አስተካክሉ። ከላይ ያሉት ሁለቱ ማይኮች ዋና ናቸው፤ ቤዝ ድራሙንና ስኔሩን የጎደለውን ያህል ብቻ ጨምሩ።
2. ባሱን ጨምሩ፣ ኮምፕሬሰር (ጮክ ያለውን ምት የሚያወርድ) በ4 ለ1።
3. ጊታሮቹን ጨምሩ። ከ100 ኸርዝ በታች ያለውን ቁረጡ፤ ያ የባስና የቤዝ ድራም ቦታ ነው።
4. የድምፃዊውን ድምፅ ጨምሩ። ቃላቱ ካልተሰሙ ድምፁን ከማሳደግ በፊት ጊታሮቹን ከ2 እስከ 3 ኪሎኸርዝ አካባቢ በ3 ዲሲቤል ቀንሱ።
5. ባስ፣ ቤዝ ድራምና ድምፅ መሃል ይሁኑ። እ.ኤ.አ. በ1976 የወጣው የአሜሪካው ፓንክ ባንድ የራሞንስ የመጀመሪያ አልበም ባሱን በአንድ ጎን፣ ጊታሩን በሌላው አድርጓል። እወደዋለሁ፣ ግን አትከተሉት። ዛሬ ብዙ ሰው ታክሲ ውስጥ በአንድ ጆሮ ማዳመጫ ነው የሚሰማው፤ ግማሽ ባንድ ይጠፋበታል።

በዝቅተኛ ድምፅ ስሩ። በየ40 ደቂቃው ውጡና ተመለሱ። በስልክ ስፒከር ስሙት፤ ስኔርና ቃላት ካልተሰሙ ከላይ ወዳለው ተራ ቁጥር 4 ተመለሱ። የምታውቁት የሚኒባስ ሹፌር ካለ አንድ ዙር እንዲያጫውተው ለምኑት። እዚያ ባሱ ካጓራ በ100 እና በ200 ኸርዝ መካከል 2 ወይም 3 ዲሲቤል ቀንሱ።

ደረጃ 12፦ የመጨረሻው ፋይል

ሊሚተር (ድምፅ ከተወሰነ መጠን እንዳያልፍ የሚያግድ) አድርጉና ጣሪያውን −1 ዲሲቤል ላይ ወስኑ። ሊሚተሩ ከ3 ወይም ከ4 ዲሲቤል በላይ የሚጨፈልቅ ከሆነ ቀንሱ። ስፖቲፋይ በመደበኛ አሠራሩ ጮክ ያለውን ወደ −14 ኤልዩኤፍኤስ (የዘፈን አማካይ ጩኸት መለኪያ) ያወርደዋል፤ የጨፈለቃችሁት ዘፈን ድምፁ ወርዶ ጭፍለቃው ብቻ ይቀራል።

ዌቭ ፋይሉን በ24 ቢት አስቀምጡ። ለጓደኛ የሚላከው ኤምፒ3 በ320 ኪሎቢት በሰከንድ ይሁን። በቴሌግራም በፋይል መልክ ላኩ። ስልክ ስፒከር ላይ ደግናችሁ በቮይስ አትላኩ፤ ሁለት ቀን የለፋችሁበት ስኔር እዚያ ይሞታል።

ሁሉንም ትራኮች፣ ጥሬውን፣ ከዜሮ ሰከንድ ጀምረው እኩል እንዲነሱ አድርጋችሁ በሁለት ፍላሽ ገልብጡ። ሁለቱ ፍላሾች በሁለት የተለያየ ሰው ቤት ይደሩ። ከዚያ ፍራሾቹን ፀሐይ ላይ አስጥታችሁ፣ ጭዱን አራግፋችሁ ለባለቤቶቻቸው መልሱ። በሚቀጥለው ወርም ትለምኗቸዋላችሁ።